በውጭ ምክንያት ለሚደርሱ ጉዳቶች የምርመራ ኮድ አሰጣጥ፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

በጅማና በዙሪያዋ ባሉ የጤና ተቋማት በካርድ ክፍል፣ በድንገተኛ ክፍልና በጤና መረጃ ሥራ ላይ ያሉ ባልደረቦች ደጋግመው ለሚያነሷቸው ጥያቄዎች በአይሲዲ-10፣ ማለትም በዓለም ጤና ድርጅት ዓለም አቀፍ የበሽታዎች ምደባ አሥረኛ እትም፣ መሠረት የተሰጡ መልሶች ናቸው፤ የኮዶቹ ፊደላት እንደሚነበቡ ተጽፈዋል።

የውጭ ምክንያት ኮድ ምንድን ነው? ለአንድ ጉዳትስ ለምን ሁለት ኮድ ያስፈልጋል?

አይሲዲ-10 ጉዳትን በሁለት ምዕራፎች ያስተናግዳል። ምዕራፍ 19፣ ማለትም ከኤስ00 እስከ ቲ98 ያለው፣ በአካል ላይ የደረሰውን ይመዘግባል፦ የተሰበረውን አጥንት፣ የተቆረጠውን ቆዳ፣ የተቃጠለውን ገላ፣ መርዝ ያደረሰውን ጉዳት። ምዕራፍ 20፣ ማለትም ከቪ01 እስከ ዋይ98 ያለው፣ ያንን ጉዳት ያመጣውን ይመዘግባል፦ የተሽከርካሪ አደጋ፣ መውደቅ፣ እሳት፣ እባብ፣ ድብደባ ወይም ራስን መጉዳት።

የቅልጥም ስብራት ምን ያህል አልጋ፣ ጀሶና የቀዶ ሕክምና ሰዓት እንደሚፈልግ ለማቀድ ኤስ82 ይበቃል። ስብራቱ የመጣው ባጃጅ ተገልብጦ፣ ከዛፍ ተወድቆ ወይም በዱላ ተመትቶ መሆኑን ግን ከዚህ ኮድ ማንም ሊያውቅ አይችልም። አደጋው እንዳይደገም መሥራት የሚፈልግ ሁሉ፣ ለምሳሌ የትራፊክ ደኅንነት ላይ የሚሠራው ወይም የግብርና ባለሙያው፣ የሚጠይቀው ሁለተኛውን ኮድ ነው።

ከሁለቱ የትኛው ይቀድማል?

በሕይወት ላለ ታካሚ ዋናው ምርመራ የጉዳቱ ዓይነት ነው፤ የውጭ ምክንያቱ እንደ ተጨማሪ ኮድ ይከተላል። በሞት ምዝገባ ግን ቅደም ተከተሉ ይገለበጣል፤ ይህ በመጨረሻው ጥያቄ ላይ ተብራርቷል። የውጭ ምክንያት ኮድ ለታካሚ ብቻውን ከተጻፈ መዝገቡ ጎዶሎ ነው።

ካርዱ ላይ «አርቲኤ» ወይም «ኤፍዲኤ» ብቻ ከተጻፈ ምን ይደረጋል?

እነዚህ ሁለት ምህጻሮች፣ አርቲኤ (የመንገድ ትራፊክ አደጋ) እና ኤፍዲኤ (የመውደቅ አደጋ)፣ የድንገተኛ ክፍልን ጊዜ ይቆጥባሉ፣ የመረጃውን ዋጋ ግን ይበላሉ። «አርቲኤ» ብቻ የተጻፈበት ካርድ የሚያገኘው ኮድ ቪ89.2 ነው፤ ትርጉሙም ዓይነቱ ያልተገለጸ የሞተር ተሽከርካሪ የመንገድ አደጋ ማለት ነው። «ኤፍዲኤ» ብቻ ከሆነ ደግሞ ወደ ደብሊው19፣ ያልተገለጸ መውደቅ፣ ይሄዳል። ሁለቱም ሕጋዊ ኮዶች ናቸው። ይሁን እንጂ በወሩ መጨረሻ ሪፖርቱ በእነዚህ ብቻ ሲሞላ፣ ጅማ ውስጥ ሰዎች እንዴት እንደሚጎዱ ሪፖርቱ አንዳች አይነግረንም።

ኮድ ሰጪው የጎደለውን ከራሱ አይሞላም፤ መጀመሪያ ካርዱን ከዳር እስከ ዳር ያነባል። የትሪያጅ (የታካሚ ልየታ) ማስታወሻ፣ የሪፈር ወረቀትና የነርስ መዝገብ ብዙ ጊዜ ሐኪሙ በአጭሩ ያለፈውን ይይዛሉ። በተለይ ከወረዳ ጤና ጣቢያ የመጣ የሪፈር ወረቀት የአደጋውን ሁኔታ በዝርዝር ይዞ ሳለ ከካርዱ ጀርባ ተጣብቆ ሳይነበብ ይቀራል። ከዚያም ውስጥ ካልተገኘ ሐኪሙ ይጠየቃል። «ያልተገለጸ» የሚለው ኮድ ቦታው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ከሐኪሙ የሚጠበቀው ደግሞ አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው፦ «በባጃጅ ተሳፍሮ ሲሄድ ባጃጁ ከአይሱዙ ጋር ተጋጭቶ ተጎዳ»። ማን፣ በምን፣ ከምን ጋር የሚሉት ሦስቱም በዚህች ዓረፍተ ነገር ውስጥ አሉ።

የባጃጅ አደጋ ኮድ የትኛው ነው?

አንድ «የባጃጅ ኮድ» የለም፤ ይህ ከሁሉም በላይ የሚያሳስት ጉዳይ ስለሆነ ረዘም አድርገን እንመልሰዋለን። የተሽከርካሪ አደጋ ኮዶች መጀመሪያ የሚጠይቁት የተጎዳው ሰው ማን እንደሆነ ነው። እግረኛ ከሆነ ከቪ01 እስከ ቪ09፣ ብስክሌት የሚነዳ ከሆነ ከቪ10 እስከ ቪ19፣ ሞተር ሳይክል ላይ የነበረ ከሆነ ከቪ20 እስከ ቪ29፣ ባለሦስት እግር የሞተር ተሽከርካሪ ውስጥ የነበረ ከሆነ ከቪ30 እስከ ቪ39 ባለው ውስጥ ይፈለጋል። ባጃጅ የሚመደበው በዚህ በመጨረሻው ክፍል ነው። ሦስተኛው ቁምፊ ተሽከርካሪው ከምን ጋር እንደተጋጨ ይናገራል፤ አራተኛው ደግሞ ተጎጂው ሹፌር ወይም ተሳፋሪ መሆኑንና አደጋው በሕዝብ መንገድ ላይ የደረሰ መሆን አለመሆኑን ይለያል።

በዚህ መሠረት ከመርካቶ ወደ ፈረንጅ አራዳ ሲሄድ በራሱ የተገለበጠ ባጃጅ ተሳፋሪ ቪ38.6 ሲሆን፣ የዚያው ባጃጅ ሹፌር ቪ38.5 ነው። ያው ባጃጅ ከአይሱዙ ጋር ተጋጭቶ ቢሆን ኖሮ ተሳፋሪው ቪ34.6 ይሆን ነበር። መንገድ ሲያቋርጥ ባጃጅ የገጨው እግረኛ ግን ከቪ30ዎቹ ውስጥ አይገኝም፤ ኮዱ ቪ02.1 ነው፣ ምክንያቱም እግረኛው ባጃጅ ውስጥ አልነበረም። ይህ የመጨረሻው ስሕተት በተደጋጋሚ የሚታይ ሲሆን ውጤቱም ከባድ ነው፤ እግረኞች በሪፖርቱ ላይ ተሳፋሪ ሆነው ይቆጠራሉ፣ ጥያቄው የእግረኛ መንገድ መሆኑም ይሰወራል።

በጋሪ ላይ ሳለ የተጎዳ ሰው በቪ80 ይመዘገባል፤ ጋሪ የገጨው እግረኛ ግን ቪ06 ነው። አደጋው በሕዝብ መንገድ ላይ ይሁን ከመንገድ ውጭ ካልተገለጸ፣ ከቪ10 እስከ ቪ82 ላሉት መመሪያው በሕዝብ መንገድ እንደደረሰ እንዲቆጠር ያዛል፤ ስለዚህ በዚህ ነጥብ ብቻ ሐኪሙን ማስቸገር አያስፈልግም።

ቡና ሲለቅም ከዛፍ የወደቀ ሰው እንዴት ይመዘገባል? «ቦታ» እና «ተግባር» የሚባሉት ቁጥሮችስ ምንድን ናቸው?

ከዛፍ መውደቅ ደብሊው14 ነው፤ የወደቀው ከመሰላል ከሆነ ግን ደብሊው11 ይሆናል። ዛፉ ወይም ቅርንጫፉ ራሱ ሰው ላይ ከወደቀ፣ ያ መውደቅ ሳይሆን በወደቀ ነገር መመታት ስለሆነ ደብሊው20 ይሰጠዋል። ከደብሊው00 እስከ ዋይ34 ባሉት ኮዶች ላይ፣ ከዋይ06 እና ከዋይ07 በስተቀር፣ አራተኛው ቁምፊ የደረሰበትን ቦታ ያሳያል፦ 0 መኖሪያ ቤት፣ 2 ትምህርት ቤትና የሕዝብ አገልግሎት ተቋም፣ 4 መንገድ፣ 5 የንግድና አገልግሎት ቦታ፣ 6 ፋብሪካና ግንባታ፣ 7 እርሻ፣ 9 ያልተገለጸ እያለ ይቀጥላል። የተሽከርካሪ አደጋ ኮዶች አራተኛ ቁምፊያቸው ሌላ ሥራ ስላለው ይህ አይመለከታቸውም።

በእኛ አካባቢ ጥንቃቄ የሚፈልገው በ0 እና በ7 መካከል ያለው ልዩነት ነው። አይሲዲ-10 የገበሬውን ቤትና ግቢውን ከእርሻ አስወጥቶ በመኖሪያ ቤት ይመድባል። እንግዲህ በማና ወይም በጎማ ወረዳ ከቤት ርቆ ባለ የቡና ማሳ ላይ የወደቀ ሰው ደብሊው14.7 ሲሆን፣ በጓሮው ካለው ዛፍ ላይ የወደቀው ጎረቤቱ ደብሊው14.0 ነው። ይህ መስመር ጓሮና ማሳ በሚቀላቀሉበት አገር ሁልጊዜ ጥርት ብሎ አይገኝም፤ ሆኖም «የት ነበርክ?» ብሎ መጠየቅ ከግምት ይሻላል።

ተግባርን የሚያሳየው ተጨማሪ ቁጥር ለብቻው ነው የሚመዘገበው፤ 0 ለስፖርት፣ 1 ለመዝናኛ፣ 2 ለገቢ የሚሠራ ሥራ፣ 3 ለሌላ ሥራ፣ ለምሳሌ ለቤት ውስጥ ሥራ፣ 4 ለእንቅልፍ፣ ለምግብና ለመሳሰሉት ነው። በቀን ሒሳብ የሚለቅም ሠራተኛም ሆነ የሚሸጠውን ቡና የሚለቅም ባለማሳ 2 ይሰጠዋል።

ለቃጠሎ ስንት ኮድ ያስፈልጋል?

ብዙውን ጊዜ ሦስት። ከጀበና የተገለበጠ ቡና ጭኑ ላይ የፈሰሰበትንና ሁለተኛ ደረጃ ቃጠሎ የደረሰበትን ሕፃን እንውሰድ። ቲ24.2 የተቃጠለውን የአካል ክፍልና ደረጃውን ይገልጻል። ቲ31.0 ከሰውነቱ ከ10 በመቶ ያነሰው እንደተቃጠለ ያሳያል፤ ከ10 እስከ 19 በመቶ ቢሆን ቲ31.1 ይሆን ነበር። ኤክስ10.0 ደግሞ ምክንያቱ ትኩስ መጠጥ፣ ቦታውም ቤት መሆኑን ይናገራል።

ምክንያቱን ስንመርጥ በምን እንደተቃጠለ በትክክል ማወቅ ያስፈልጋል። ቡና፣ ወጥና ዘይት ኤክስ10 ሲሆኑ፣ ምድጃ ላይ የፈላ ውኃ ኤክስ12 ነው። ልብሱን እሳት የያዘው ሰው ኤክስ06፣ ኬሮሲን ወይም ቤንዚን ተቀጣጥሎበት የተቃጠለ ኤክስ04፣ ቤት ተቃጥሎ የተጎዳ ኤክስ00 ይሰጠዋል። «በእሳት ተቃጥሏል» የሚለው ማስታወሻ እነዚህን አይለይም።

አንድ ታካሚ ብዙ ጉዳት ቢኖርበት የትኛው ዋና ይሆናል?

ሐኪሙ ከባዱን መርጦ ከጻፈ፣ እሱ ዋና ይሆንና ሌሎቹ በተጨማሪነት ይከተላሉ። የአደጋው ምክንያት አንድ እስከሆነ ድረስ የውጭ ምክንያት ኮዱም አንድ ነው፤ ለእያንዳንዱ ቁስል አይደጋገምም። የራስ ቅል ስብራት ከአንጎል ጉዳት ጋር ሲመጣ የሚቀድመው የአንጎል ጉዳቱ ነው። ስብራትና ክፍት ቁስል በአንድ ቦታ ከሆኑ ኮዱ የስብራቱ ሲሆን፣ ክፍት መሆኑ በአምስተኛው ቁምፊ 1 ይገለጻል፤ ለምሳሌ ክፍት የቅልጥም አጥንት ስብራት ኤስ82.21 ነው። «ፖሊትራውማ» (ብዙ ጉዳት) ተብሎ ብቻ ከታለፈ የሚቀረው ቲ07 ነው፣ እርሱም ከ«አርቲኤ» የማይሻል።

የውሻ ንክሻ ሁሉ «ራቢስ» ተብሎ ይመዘገባል?

አይመዘገብም። ኤ82 የእብድ ውሻ በሽታ ምልክት ለታየበት ታካሚ ብቻ ነው። ውሻ ቅልጥሙን ነክሶት ለክትባት የመጣ ሰው ዋና ምርመራው ክፍት ቁስል ኤስ81 ነው፤ ምክንያቱ ደብሊው54፣ የክትባቱ ፍላጎት ደግሞ ዜድ24.2 ነው። በዚህ ፋንታ ኤ82 ከተጻፈ፣ ታካሚው ክትባቱን ጨርሶ በሰላም ወደ ቤቱ ከሄደ በኋላ ሪፖርቱ ገዳይ በሽታ የያዘው ሰው አድርጎ ይቆጥረዋል። መርዛማ እባብ የነደፈውስ? ቲ63.0 እና ኤክስ20 ይሰጠዋል፤ መርዝ የሌለው እባብ ከሆነ በደብሊው59 ይመዘገባል።

በስልኬ ያወረድኩት የኮድ መተግበሪያ ሰባት ቁምፊ ያሳየኛል። ልክ ነው?

ልክ ነው፣ ለአሜሪካ። መተግበሪያው የሚያሳየው እዚያ ከጥቅምት 1 ቀን 2015 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የሚሠራበትን አይሲዲ-10-ሲኤም ሲሆን፣ የዓለም ጤና ድርጅት እትም አይደለም። ለምሳሌ «ኤስ82.201ኤ» የሚለው ኮድ የግራና የቀኝ እግርንና የመጀመሪያ ሕክምና መሆኑን ጭምር ይይዛል፤ በእኛ ሥርዓት ግን መግቢያ የለውም። የሚብሰው ሁለቱ እትሞች የውጭ ምክንያትን በተለያየ ቦታ ማስቀመጣቸው ነው። በአሜሪካው እትም መርዙ በስሕተት ወይም ሆን ተብሎ መወሰዱ በቲ ኮዱ ውስጥ ይገባል፤ ስለዚህ ኤክስ48ንም (በስሕተት በተባይ ማጥፊያ መመረዝ) ሆነ ኤክስ20ን እዚያ የሚፈልግ ሰው አያገኛቸውም፣ የሉም ብሎም ይተዋቸዋል። የአደጋው ቦታም እዚያ በዋይ92 ለብቻው ይመዘገባል።

የአይሲዲ-10 ተከታይ እትም የሆነው አይሲዲ-11 ከጥር 1 ቀን 2022 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሥራ ላይ እንዲውል የወጣ ሲሆን፣ ጉዳቶች በኤን፣ የውጭ ምክንያቶች በፒ ፊደል ይጀምራሉ። በውስጡ ኤክስ የሚለው ፊደል የማሟያ ኮዶች መለያ ሆኗል። ሁለቱን እትሞች ጎን ለጎን ከፍቶ የሚሠራ ሰው የዱሮውን ኤክስ20 ከአዲሱ ኤክስ ጋር እንዳያምታታ ሁለተኛውን ቁምፊ ይመልከት፤ በአይሲዲ-11 እዚያ ቦታ የሚገኘው ፊደል እንጂ ቁጥር አይደለም።

የተባይ ማጥፊያ መርዝ የወሰደ ታካሚ ሆን ብሎ ይሁን በስሕተት ካልታወቀ ምን ይሰጠዋል?

የጉዳቱ ዓይነት በሁሉም ሁኔታ አንድ ነው፤ መርዙ ኦርጋኖፎስፌት የሚባለው የተባይ ማጥፊያ ዓይነት ከሆነ ቲ60.0። የሚለያየው ሁለተኛው ኮድ ነው። ማሳ ሲረጭ የተመረዘ ገበሬ ወይም ጠርሙስ አሳስቶት የጠጣ ሕፃን ኤክስ48፣ ራሱን ለመጉዳት የወሰደ ሰው ኤክስ68፣ በሌላ ሰው የተመረዘ ኤክስ87፣ ሁኔታው ያልተለየ ደግሞ ዋይ18 ነው።

ዋይ18 የኮድ ሰጪው ጥርጣሬ ማረፊያ አለመሆኑን ማስመር እንወዳለን። ይህ ኮድ የሚሰጠው ሐኪሙ ወይም የሕግ አካል የነበረውን መረጃ መርምሮ መለየት እንዳልቻለ ሲገለጽ ነው፤ ካርዱ ዝም ስላለ ብቻ አይደለም። ካርዱ ዝም ካለ ሐኪሙ ይጠየቃል።

ቤተሰብ አንዳንድ ጊዜ «በስሕተት ነው በሉልን» ብሎ ይለምናል፤ ልመናው ከፍርሃትና ከሐፍረት የሚመጣ ስለሆነ በትሕትና ሊደመጥ ይገባዋል። መልሱ ግን ምስጢሩ እንደሚጠበቅ ማረጋገጥ እንጂ ሐኪሙ የጻፈውን መለወጥ አይደለም። ኤክስ68 በማንም ላይ የተላለፈ ፍርድ አይደለም፤ በዚያ ኮድ መነሻነት ታካሚው ከመውጣቱ በፊት የአእምሮ ጤና ባለሙያ እንዲያየው የሚጠይቅ ሰው ሊኖር ይችላል፣ ወደ ኤክስ48 ከተዛወረ ግን ማንም አይጠይቅም።

ታካሚዋ «ወደቅሁ» ትላለች፣ ጉዳቱ ግን የድብደባ ይመስላል። ኮዱ የማንን ቃል ይከተላል?

ኮዱ ሐኪሙ መርምሮ የጻፈውን ይከተላል። ሐኪሙ «በዱላ ተመታች» ብሎ ከጻፈ ዋይ00፣ በስለት ከሆነ ኤክስ99፣ በጡጫና በርግጫ ከሆነ ዋይ04 ነው። ተደጋጋሚ በደል መሆኑን ካረጋገጠ ዋይ07 አለ፤ አራተኛው ቁምፊው በዳዩን የሚለይ ሲሆን ዋይ07.0 የትዳር ጓደኛ ማለት ነው። ሐኪሙ የጻፈው «ወደቀች» የሚል ብቻ ከሆነ ኮድ ሰጪው በራሱ ጥርጣሬ ወደ ጥቃት አይለውጠውም፤ ያየውን አለመጣጣም ለሐኪሙ ያሳውቃል፣ ይህንንም ታካሚዋና አብሯት የመጣው ሰው በሌሉበት ያደርገዋል።

ይህ ኮድ የፖሊስ ማስረጃ ይሆናል ወይ ብለው የሚጠይቁም አሉ። ፖሊስ በደብዳቤ ሲጠይቅ የሚሰጠው ሐኪሙ የሚፈርምበት የሕክምና ማስረጃ ነው፤ ኮዱ ለጤና መረጃ የሚያገለግል ሲሆን ማን ጥፋተኛ እንደሆነ አይወስንም።

ወጌሻ ቤት ቆይቶ የመጣ ስብራት እንዴት ይመዘገባል?

ሁለት ሁኔታዎችን እንለይ። የመጀመሪያው፣ ስብራቱ ከረጅም ጊዜ በፊት የደረሰና አጥንቱ ጠሞ የገጠመ ሲሆን ነው። አሁን የሚታከመው ጠሞ መግጠሙ ስለሆነ ዋናው ኤም84.0 ነው፤ የእግር ስብራት መዘዝ መሆኑ በቲ93.2፣ መነሻው የተሽከርካሪ አደጋ መሆኑ በዋይ85.0 ይጨመራል። አደጋው ዛሬ እንደደረሰ አድርጎ ኤስ82 እና ቪ38.6 መጻፍ አንዱን አደጋ ሁለት ጊዜ ያስቆጥራል።

ሁለተኛው ከባዱ ነው፦ ከቀናት በፊት የተሰበረ እጅ በቀርቀሃ ስንጥር ጠብቆ ታስሮ፣ ጣቶቹ ጠቁረው የመጣ ልጅ። አይሲዲ-10 ለወጌሻ የተለየ ኮድ የለውም። በዚህ ጽሑፍ አቅራቢ አስተያየት ስብራቱና የመጀመሪያው አደጋ እንዳሉ ይመዘገባሉ፤ ጋንግሪኑ (የሥጋው መሞት) ወይም የጡንቻው ደም ማጣት ሐኪሙ በሰየመው መሠረት የራሱን ኮድ ያገኛል፣ የወጌሻው እስርም በጽሑፍ ይገለጻል። ከዋይ40 እስከ ዋይ84 ያሉት ለሕክምናና ለቀዶ ሕክምና እንክብካቤ ችግሮች የተዘጋጁ ስለሆኑ፣ ወጌሻን እዚያ መክተት በሆስፒታሉ ሕክምና ላይ የደረሰ ችግር አስመስሎ ያሳያል።

ታካሚው ከሞተ ኮዱ እንዴት ይለወጣል?

በሞት ምስክር ወረቀት ላይ መሠረታዊ የሞት ምክንያት ሆኖ የሚመረጠው የውጭ ምክንያቱ ነው። ከዛፍ ወድቆ የጭን አጥንቱ አንገት የተሰበረ አዛውንት ለሳምንታት ከተኛ በኋላ በሳንባ ምች ቢያርፍ፣ በወረቀቱ የመጀመሪያ መስመር የሳንባ ምች፣ ቀጥሎ የአጥንት ስብራት፣ ከሥሩ ከዛፍ መውደቅ ይጻፋል፤ መሠረታዊ ምክንያቱም ደብሊው14 ይሆናል። ኤስ72.0 አይጠፋም፣ የጉዳቱን ዓይነት ለመግለጽ አብሮ ይመዘገባል። ወረቀቱ በ«ሳንባ ምች» ብቻ ከተዘጋ ግን አደጋው ከቁጥሩ ይሰወራል።

«የራስ ጉዳት» ብቻ የተጻፈበት ወረቀትም ችግር ነው፤ የኤስ ኮድ መሠረታዊ የሞት ምክንያት ሊሆን ስለማይችል፣ ሌላ መረጃ ከሌለ ጉዳዩ ወደ ኤክስ59፣ ምንነቱ ወዳልተገለጸ ምክንያት፣ ይገባል። ቤተሰቡ አስከሬን ተቀብሎ ወደ ሊሙ ወይም ወደ ዴዶ ከተጓዘ በኋላ የአደጋውን ሁኔታ የሚነግረን ሰው ማግኘት እጅግ ይከብዳል፤ ስለዚህ ወረቀቱ ከመፈረሙ በፊት ከታካሚው ጋር የመጣውን ሰው ጠይቆ አንዷን መስመር መሙላት የክፍሉ ሐኪም ሥራ ነው።